ግድግዳው ሳይደርቅ

ሰውየው ማሽኗን እንደ ካውያ ግድግዳው ላይ ለጥፎ ቀስ እያለ ወደ በሩ ይገፋታል። ልብስ ሰፊዋ የስፌት መኪናዋን ተደግፋ ታየዋለች። የራሷ ቤት አይመስላትም፤ የጎረቤት ቧንቧ ሲጠገን የምታይ ነው የሚመስለው።

«እዚህ ጋ ነው የወደቀው» ይላሉ አማቷ ከአልጋው ጫፍ ተቀምጠው ወለሉን በከዘራቸው እያሳዩ። «ዝቅ አድርገህ ፈልግልኝ ልጄ። የወደቀ ሰው ድምፁ ከታች ነው የሚወጣ።»

«እሺ እማማ፣ እደርስበታለሁ።»

ማሽኗን ሰዉ «ማሚቶ» ነው የሚላት። የገደል ማሚቶ የጮኹበትን እዚያው ይመልሳል፤ ይቺ ግን ዓመታት የከረመ ድምፅ ከግድግዳ ፈልፍላ ታወጣለች። አሮጊቷ ይህን ወሬ ከሰሙ ወዲህ እንቅልፍ በዓይናቸው አልዞረም። ልጃቸው ግንበኛው እዚህ ክፍል ውስጥ ልቡ ቀጥ ሲል ቤት ውስጥ ማንም አልነበረም። እሳቸው ሐኪም ቤት ሄደው ነበር። ሚስቱ የሰፋችውን ቀሚስ ለደንበኛ ልታደርስ ወጥታ ነበር። ስትመለስ ወለሉ ላይ አገኘችው። ከዚያ ቀን ጀምሮ አሮጊቷን የሚበላቸው አንድ ነገር ነው፦ ተጣርቶ ይሆን? ማንን?

ልብስ ሰፊዋን የሚበላት ነገር የለም። አላለቀሰችም። ለቀስተኛው «አንጀቷ ድንጋይ ነው» ብሎ ሲያማት በጆሮዋ ሰምታለች፤ እሱም አልከፋትም። ትበላለች፣ ትሰፋለች፣ ትተኛለች። መርፌ ጣቷን ሲወጋት እንኳ የምታውቀው ደሙን ጨርቁ ላይ ስታይ ነው።

ማሽኗ ጢጥ ትላለች። ሰውየው ማዳመጫውን ከጆሮው አውልቆ አንገቱ ላይ ያንጠለጥላል። ወደ አሮጊቷ ሄዶ ቁጢጥ ይላል።

«እማማ፣ ከመጀመሬ በፊት ልነግርዎት ይገባኝ ነበር። ግድግዳ ድምፅ የሚይዘው እርጥብ እያለ ነው። ከደረቀ በኋላ ቢጮኹበትም ነጥሮ ይመለሳል እንጂ አይገባም። እዚህ ያለው ቤቱ ሲለሰን የተባለው ብቻ ነው።»

«ይሄን ቤት እኮ የለሰነው ራሱ ነው።»

«እንግዲያው ድምፁን ሊሰሙት ይችላሉ። የመጨረሻውን ግን አይደለም።»

አሮጊቷ ከዘራቸውን ጉልበታቸው ላይ ያጋድማሉ።

«ግድግዳ ጆሮ አለው ሲባል ነበር የማውቀው» ይላሉ። «ለካ እሱም እንደኔ ይደነቁራል። ተጣርቶ ከሆነም አልሰማም በለኛ።»

«አልሰማም እማማ።»

«በቃ። ማንም አልሰማውም።»

ይህን ሲሉ ምራታቸውን ያዩዋታል። ልብስ ሰፊዋ አስተያየታቸው ውስጥ ወቀሳ ትፈልጋለች። ወቀሳ ቢኖር ደግ ነበር፤ አንገት ይደፉለታል፣ መልስ ይፈልጉለታል። የምታየው ግን የደከማቸው ሴትዮ ብቻ ነው።

«ልንቀላት ወይስ ያለውን ላሰማችሁ?» ሰውየው ሁለቱንም እያፈራረቀ ያያል።

«ከመጣህ አይቀር አሰማን እንጂ» ይላሉ አማቷ።

መጀመሪያ የሚመጣው ዝናብ የመሰለ ሹሹታ ነው። ቀጥሎ የልስን ማንኪያ ሲፍቅ፣ ባልዲ ሲቀመጥ። ከዚያ ግንበኛው ክፍሉ ውስጥ ይናገራል።

«ምንድን ነው ይሄ? ሲሚንቶ ነው ሾርባ ነው ያቀረብሽልኝ?»

አሮጊቷ በነጠላቸው ጫፍ አፋቸውን ይይዛሉ። ከማሽኗ ውስጥ ሴት ትስቃለች። ከሆዷ ነው የምትስቀው፤ ልታቆም ትሞክርና ያመልጣታል፣ ትንፋሽ ያጥራታል፣ እንደገና ትጀምራለች።

ልብስ ሰፊዋ ፊቷን ቅጭም ታደርጋለች።

«ማናት?»

«ማን ማናት?» ይላሉ አማቷ።

«የምትስቀው።»

አሮጊቷ ጨርቁን ከአፋቸው ያወርዳሉ። «አንቺ ነሽ እኮ ልጄ።»

«እኔ?»

«አንቺ ነሻ። በወዲያኛው ክፍል ሆኜ፣ ‹ይቺ ልጅ እንዲህ እየተንከተከተች ይሄ ቤት መቼ ሊያልቅ ነው› እል አልነበር?»

ልብስ ሰፊዋ ታዳምጣለች። ሳቁን የሰው ልብስ እንደሚለካ ሰው ወደ ራሷ አስጠግታ ትሞክረዋለች። ትከሻው ላይ ይሰፋታል፣ ወገቡ ላይ ይሰፋታል። የዚህ ሳቅ ባለቤት ወፍራም ሴት መሆን አለባት፤ እሷ ግን ያን ጊዜም ቀጭን ነበረች።

ሳቁ ያልቃል። ሹሹታው ይመለሳል። ሰውየው እጁን ወደ ማጥፊያው ሲሰድ ግንበኛው እንደገና ይናገራል፤ አሁን ድምፁ ቅርብ ነው፣ አፉን ልስኑ ላይ የገጠመ ያህል።

«እስቲ ራቅ ብለሽ እዪልኝ። ተንጋዷል?»

ከማሽኗ ሹሹታ ብቻ ይሰማል።

«ዝም አትበይኝ እንጂ። ተንጋዷል ወይ?»

አሮጊቷ ምራታቸውን ያያሉ። ሰውየው ወለሉን ያያል። ልብስ ሰፊዋ ከስፌት መኪናዋ ትለያለች። አልጋው ጭኗን እስኪነካት ድረስ አንድ አንድ እያለች ወደ ኋላ ትሄዳለች። ዓይኗን ጠበብ አድርጋ ግድግዳውን ከላይ እስከ ታች ታየዋለች፤ ከመስኮቱ በላይ ልስኑ እንደ ተነፋ ጉንጭ ወጣ ብሏል።

«ትንሽ» ትላለች። «መስኮቱ ጋ፣ ትንሽ።»

ከማሽኗ ውስጥ መሰላል ሲጎተት ይሰማል።