የ«አዲስ ፎልደር 3» ባለቤቶች

ሰኞ ጠዋት ዘሀራ ስትነሳ የሠርጓ ፎቶ ከግድግዳው ስክሪን ላይ ጠፍቶ ነጭ ብቻ ቀርቷል። ማን እንዳነሳው አይታወቅማ! አዲሱ ሕግ ባለቤቱ ያልተመዘገበ ፋይል ሁሉ ይጥፋ ይላል።

እርር ብላ ወጣች፤ ሦስት ቀን ሙሉ ሰፈሩን ቤት ለቤት ዞረች።

ዘሀራ ደሴ ላይ ባላት ሱቅ ሠላሳ ዓመት በሚሞሪ ካርድ ዘፈንና መንዙማ ስትጭን ኖራለች። ደንበኛውም የራሱን ጥሎላት ይሄድ ነበር፤ የሕፃን ሳቅ፣ የሠርግ ጭፈራ፣ የማን እንደሆነ የማይታወቅ የሽማግሌ ምርቃት። ሁሉም ከኔትወርክ ተነጥሎ በአንድ አሮጌ ሃርድ ዲስክ ላይ «አዲስ ፎልደር 3» ተብሎ ተቀምጧል።

ሐሙስ ረፋድ ላይ ሕጉን የሚያስፈጽም ተቆጣጣሪ ሱቋ መጥቶ ዲስኩ ላይ እጁን ጫነ።

«እናቴ፣ የዚህ ባለቤት ማነው?»

«ማን ያውቃል! ሰው ትቶት የሄደ ነው።»

«እንግዲያው ላጠፋው ነው። የእኔ ነው የሚል ካለ፣ ውስጡ ላለው ሁሉ በሕግ ይጠየቅበታል።»

ዘሀራ እጁን ከዲስኩ ላይ አነሳችው።

«ስማ ልጄ፣ እዚህ ሰፈር ዘመድ የሌለው እንግዳ ቢሞት ማን የሚቀብረው ይመስልሃል? የሰፈሩ እድር፣ ቅሬው ነው። የማን ልጅ ነህ ሳይል።»

የቅሬውን መዝገብ ከመደርደሪያ አውርዳ ገለጠችለት። ሁለት መቶ አሥራ አራቱም አባላት «ዲስኩ የእኔ ነው» ብለው ፈርመዋል።

ተቆጣጣሪው የምዝገባ ቅጹን አውጥቶ አገላበጠ። «ቅጹ እኮ... ቦታው ለአንድ ስም ብቻ ነው።»

«እንግዲያው ቁጭ በል» አለችና በርጩማ ሳበችለት። «ሁለት መቶ አሥራ አራት ቅጽ አምጣ። የመጀመሪያውን በእኔ ስም ጻፍ።»