ዳገት የምትፈራ መኪና

ገዢው መኪናዋን ዳገቱ ላይ ሞክሮ ላብ በላብ ሆኖ ተመለሰ። «አባባ፣ ይቺ መኪና ዳገት ስታይ ትንፋሽ ያጥራታል!»

«እርጅና ነው ልጄ» አሉ ጡረተኛው ሾፌር አንገታቸውን ደፍተው። ዓመት ሙሉ «ይሽጧት» እያሉ የነዘነዟቸው ባለቤታቸው ወይዘሮ ውድነሽም «እውነታቸውን ነው፣ አልቆላታል» ብለው አገዙ።

ገዢው ሄደ። ሾፌሩ እያፏጩ ኮፈኑን ከፈቱ፤ የቤንዚን ፊልትሮውን ፈትተው በአፋቸው ቢነፉት አየር አላሳልፍ አለ። ጠዋት ደህናውን አውጥተው ይህን የተደፈነ አሮጌ የገጠሙት ራሳቸው ናቸው። አሁን ደህናውን ሊመልሱ እጃቸውን ኮት ኪሳቸው ውስጥ ከተቱ። የለም።

«ጠዋት ኮትዎን ስቦርሽ አገኘሁት» አሉ ወይዘሮ ውድነሽ፣ ፊልትሮውን ከመቀነታቸው ፈትተው እያቀበሏቸው። «ይግጠሙትና ገበያ ያድርሱኝ።»