ከድምፁ ሥር

ስክሪኑ ላይ ባሌ አፉን ይከፍታል፤ የሚወጣው ድምፅ ግን የታምቤ ነው።

ታምቤ ከመስታወቱ ወዲያ ማይክ ፊት ቆሟል። የባሌን ድምፅ እያስመሰለ በየሠርጉ ሰው ሲያስቅ የኖረ ነው። ያው ግርማ፣ ከንግግር በፊት የምትመጣው ያችው ትንሽ ዝምታ። እጆቼን ጭኔ ላይ አጣምሬ አዳምጣለሁ።

ባሌ ሽሪድሃር የመጨረሻ ፊልሙን ተውኖ፣ ፕሮዲዩሰርም ሆኖ ቀረጻውን አስጨረሰ፤ ድምፁን ሳይሞላ ግን ሞተ። እኛ ዘንድ ቀረጻ ቦታ ላይ የሚቀዳው ድምፅ ለመመሪያ ብቻ ነው፤ ተዋናዩ ኋላ ስቱዲዮ ገብቶ ሁሉንም እንደ አዲስ ይለዋል። ሸሪኩ ጃይዋንት ፊልሙን ለጋኔሽ በዓል ሊያደርስ ቸኩሏል፤ የታምቤ ድምፅ እንዲገባ የእኔን ፈቃድ ይፈልጋል።

ታምቤ ይወጣና እግሬን ሊነካ ያጎነብሳል። አስቀረዋለሁ።

"ልጆቼን ያሳደግሁት በሳቸው ድምፅ ነው" ይላል። "ሚስቴማ፣ የሰውየውን ድምፅ ከጫማህ ጋር በር ላይ አውልቀህ ግባ ነው የምትለኝ።"

ሳቄ ያመልጠኛል። ከዚያ የቀረጻውን ድምፅ እንዲያሰሙኝ እጠይቃለሁ።

ጃይዋንት ባልሰማው እንደሚሻል ይነግረኛል። ያን ጊዜ ሳንባው ተጎድቶ ነበር፣ ትንፋሽ ያጥረው ነበር፣ ምን ያደርግልዎታል ዓይነት ነገር በትሕትና ይደረድራል። እንደማልመለስ ሲያይ፣ ድምፅ ለሚቀዳው ለሽማግሌው ለቦስኮ በጭንቅላቱ ምልክት ይሰጣል።

ትዕይንቱ አጭር ነው፤ አባት ሴት ልጁን አውቶቡስ ላይ ይሸኛል። ድምፁ ሻካራ ነው። "ስትደርሺ ደውይ" ብሎ ሳይጨርስ ያስለዋል። ከሳሉ ይልቅ የያዘኝ ግን ሌላ ነው፤ ቃላቱ መጨረሻቸው ላይ በአፍንጫው በኩል ይጎተታሉ። የትውልድ አገሩ የኮንካን ቅላጼ ነው፤ የእናቱ ጓሮ ቅላጼ። ቦምቤይ ከገባ ጀምሮ ከአንደበቱ ሲፍቀው የኖረው፣ ትኩሳት ሲይዘው ብቻ የምሰማው።

"ሰሙት አይደል፣ ቫሂኒ?" ይላል ጃይዋንት። ባሌን እንደ ወንድሙ ስለሚያይ እኔን የሚጠራኝ እንደ ወንድሙ ሚስት ነው። "ከገጠር ትናንት የመጣ አስመሰለው እኮ። ታምቤን እናስገባው። ማንም አይለየውም።"

ይችን ቃል አውቃታለሁ።

ከዩኒቨርሲቲ ወጥቼ ከሽሪድሃር ጋር አንድ ፊልም ሠርቻለሁ፤ ፕሮዲዩሰሩ እሱ ነበር። የእኔም መንደር ከእሱ መንደር ወንዝ ማዶ ነው፤ ሂንዲ ስናገር ቅላጼዬ ይከተለኛል። ፊልሙ በተመረቀበት ምሽት እሱ በመረጠልኝ ሳሪ አጠገቡ ተቀመጥሁ። ስክሪኑ ላይ አፌን ስከፍት የማላውቃት ሴት ድምፅ ወጣ። ወደ እሱ ዞርሁ። ዓይኑን ከስክሪኑ ሳይነቅል፣ "ማንም አይለየውም" አለኝ።

ከዚያ ወዲህ ካሜራ ፊት አልቆምሁም። ለምን እንደሆነ አልጠየቀኝም፤ እኔም አልነገርሁትም። ደህና ኖረናል። ያ ነገር ግን ውሃ እንኳ እንዳልቀረበለት እንግዳ በመካከላችን ተቀምጦ ቀረ።

"የራሱ ይሁን" እላለሁ።

ጃይዋንት ያልሰማ ይመስል ያየኛል። "ሳሉስ?"

"ሳሉም።"

"ቫሂኒ፣ ሽሪድሃርን ተቀይመውታል?"

መልሴን ሳይጠብቅ ስልኩን ይዞ ይወጣል። ታምቤ ይከተለዋል፤ ያስከፋሁት አይመስልም።

ቦስኮ ማሽኑን ሊያጠፋ እጁን ሲዘረጋ፣ ሳላስበው የእኔን እጠይቀዋለሁ፤ የዚያን ፊልም የቀረጻ ድምፅ፣ ሳይተካ በፊት የነበረውን።

መነጽሩን ያወልቃል። "ያን ጊዜ ቴፕ እንደ ልብ አይገኝም ነበር። ድምፁ ከተተካ በኋላ እዚያው ላይ ሌላ እንቀዳበታለን።"

"የእኔ ላይ ምን ተቀዳ?"

"የሳቸው ቀጣይ ፊልም።"

መነጽሩን በሸሚዙ ጫፍ ይጠርጋል፤ ጠርጎም አያደርገውም።

"እሳቸውም አንድ ቀን መጥተው ይህንኑ የእርስዎን ድምፅ ጠይቀውኝ ነበር" ይላል። "ብቻቸውን። ይህንኑ ነገርኳቸው። እዚያ እርስዎ የተቀመጡበት ላይ ብዙ ተቀመጡ። ከዚያ ለማንም እንዳልናገር ነግረውኝ ሄዱ።"

ውጭ ለበዓሉ የሚለማመዱ ከበሮዎች በወፍራሙ በር አልፈው እንደ ሩቅ ነጎድጓድ ይሰማሉ። ቦስኮ እስኪያልፉ ይጠብቃል።

"ድገመው" እለዋለሁ።

አውቶቡሱ ይመጣል። ሽሪድሃር እጁን ያነሳል፣ ያስላል፣ በመንደራችን ቅላጼ ስትደርሺ ደውይ ይላል። ዓይኔን ጨፍኜ ወደ ድምፁ አዘነብላለሁ፤ ከሥሩ የሚሰማ ሌላ ድምፅ እንዳለ ሁሉ።