አልነሣም

አንዲትን አሮጊት የሟች ባሏ ወንድም «የአባቴ ይዞታ ነው፤ ከቦታው ትነሣልኝ» ብሎ ከሷታል። ጎረቤቶቿ ጠዋት ሲሸኟት አጥብቀው መከሯት። «ማንም ይሁን ማን፣ ተነሺ ቢልሽ እሺ እንዳትዪ። እሺ ያልሽ ዕለት ቤቱ ሄደ።»

አሮጊቷ ምክሩን በልቧ ይዛ ችሎቱ ውስጥ ፊተኛው አግዳሚ ላይ ቁጭ አለች። ወዲያው በሩ ተከፈተና ዳኛዋ ገቡ። አስተናባሪው ድምፁን ከፍ አድርጎ «ተነሡ» አለ።

ሰዉ ሁሉ ብድግ ሲል እሷ አግዳሚውን በሁለት እጇ ጨበጠች።

«እማማ፣ ይነሡ እንጂ» አላት አስተናባሪው ጠጋ ብሎ።

«አልነሣም።»

«ለፍርድ ቤቱ ክብር እኮ ነው።»

«ክብሩን እዚሁ ቁጭ ብዬ እሰጣለሁ። ወልጄ ከዳርኩበት ቤት ግን የትም አልነሣም።»

ከኋላ አንዱ ሳቁን በሳል ሊሸፍን ሞከረ። ሳሉ አዳራሹን አዳረሰው። ዳኛዋም አፋቸውን በመዝገብ ከልለው «ግድ የለም እናቴ፣ ይቀመጡ» አሉ።

ይህን ስትሰማ እልልታውን አቀለጠችው። «ሰማችሁ? ተቀመጪ ተብዬ ተፈረደልኝ» እያለች ዳኛዋን እጅ ልትነሣ ከመቀመጫዋ ብድግ አለች።

ገና መቀመጡ የነበረው የባሏ ወንድም እንደ ፌንጣ ዘለለ። «ክቡር ፍርድ ቤት፣ በገዛ ፈቃዷ ተነሣች። ይመዝገብልኝ።»

ዳኛዋ ከላይ እስከ ታች አዩት።

«እርስዎም ተነሥተዋል እኮ።»

ሰውዬው ወደ እግሮቹ ተመለከተና ከእሷ ቀድሞ ዘጭ ብሎ ተቀመጠ።