ገደል ያተረፈው ቤት

«ቤታችሁ አይፈርስም፤ የጓሮው አጥር ብቻ ነው የሚነሳው» አለ መሐንዲሱ፣ ቀለም ውስጥ የነከረውን ብሩሽ በአጥሩ ማዕዘን ድንጋይ ላይ ከላይ ወደ ታች እየሳበ። «ሥራው ካለቀ መኪና ደጃችሁ ድረስ ይመጣል።»

የቤቱ እመቤት እትዬ ደስ ብሏት አፏን በእጇ ያዘች። ባሏ አናጢው ደግሞ ምልክቱን ራሱ የሠራው ይመስል ራቅ ብሎ፣ አንገቱን ዘንበል አድርጎ አየው።

ልብስ ሰፊዋ በሩ አጠገብ ካለው አግዳሚ ላይ ተቀምጣ የእህቷን የእትዬን ልጅ ቀሚስ በጎንና በጎኑ እየተረተረች ነበር። ልጅቷ ሆዷ ገፍቶ ልብስ ሁሉ ጠቧታል። የመጀመሪያ ልጇን በቃሬዛ ሲያወርዷት ቁልቁለቱ መሃል ወልዳ፣ እዚያው ሳያለቅስ ቀርቶባታል። ስለዚህ እዚህ ቤት ውስጥ መንገድ ማለት ቀልድ አይደለም።

ሁለቱ እህትማማቾች የተወለዱት ታች፣ አስፋልቱ ዳር ነው። ታላቂቱ አናጢውን አግብታ ወደዚህ ገደል አናት ስትወጣ ዘመድ ሁሉ ከንፈሩን መጠጠላት። ታናሺቱ እዚያው ቀረች፤ መብራቱም ቧንቧውም ሱቁም በደጇ፣ የስፌት መኪናዋ በረንዳዋ ላይ። ለእህቷ አሮጌ ልብስ እየቋጠረች ትልክላት ነበር። እትዬም ቅናቷን ደብቃ አታውቅም። «አንቺማ ምን አለብሽ! ጨው ሲያልቅብሽ በመስኮት ትጣሪያለሽ» ትላት ነበር።

ከዚያ ታጣቂዎቹ መጡ። የመጡትም በአስፋልቱ ነው። መኪኖቻቸውን ከደጅ ደጅ እያቆሙ፣ ወንድ የተባለውን ሁሉ እያወጡ ጨረሱት። ባሏንና ሁለት ልጆቿን ከስፌት መኪናዋ አጠገብ አንስተው መንገዱ ዳር ጣሉባት። የሚፈልጉት ዘር እላይም እታችም ያው አንድ ነበር። ገደሉ ሥር ሲደርሱ ግን ሽቅብ አንጋጠው አዩና መኪኖቻቸውን አዞሩ። ያን አቀበት በእግር ለመውጣት ሰነፉ። በቃ፣ ይኸው ነው። የላዩ ሰው ስለጸደቀ፣ የታቹ ስለበደለ አልነበረም።

አሁን በእህቷ ቤት ትኖራለች። ክፉ አልነኳትም፤ ያበሏታል፣ ይሳሱላታል። ግን አናጢው መጋዝ ያልመለሰ ልጁን ሲቆጣ፣ ልጁም ሲያጉረመርም፣ ቆሽቷ ድብን ይላል። በቀደም እትዬ «ይሄ ሰውዬ ሲያንኮራፋ እንቅልፍ ነሳኝ» ብላ ስታማርር ልብስ ሰፊዋ ተነስታ ወደ ጓሮ ወጣች። ለእንዲህ ያለ ማንኮራፋት እሷ ምን ባልሰጠች!

«ይቺን ሴት ለምን አንጠይቃትም?» አሉ ምልክቱን ሊያይ ከተሰበሰበው ሰው መሃል ከአጥሩ ወዲያ የቆሙት ጎረቤታቸው፣ እርጅና እንኳን ጥርጣሬያቸውን ያላለዘበው ሽማግሌ። «ከመሃላችን እስከ ቅርብ ጊዜ መንገድ ዳር የኖረች እሷ ናት። ልጄ፣ መንገዱ ይምጣ ወይስ ይቅርብን?»

መሐንዲሱ ሳይቀር ዞሮ አያት። ልብስ ሰፊዋ መቀሱን ጭኗ ላይ አስቀመጠች።

«ሁለተኛ ልጄን ስወልድ ደሜ አልቆም ብሎ ነበር» አለች። «አምቡላንስ ከደጄ አንስቶ አተረፈኝ። ያንኑ ልጄን በዚያው መንገድ መጥተው ገደሉት።»

እርጉዟ ልጅ እጇን ሆዷ ላይ አደረገች።

«እኮ፣ ታዲያ ይምጣ ነው የምትይን ወይስ አይምጣ?» አሉ ሽማግሌው።

«አይምጣ» ብትል ማን ያምናታል? የሰው መብራት ዓይኗን ወጋት ይሏታል። ደግሞም ልጅቷ አለች፣ ቃሬዛው አለ። ግን «ይምጣ» የሚለው ቃል አፏ ላይ ሲደርስ፣ ከልጅቷ ይልቅ ያየችው አጥሩን ተደግፈው የቆሙትን ሦስቱን የእህቷን ወንዶች ልጆች ነው። ደልደል ያሉ፣ ምንም ያልነካቸው።

«ይምጣ» አለች።

«ተባረኪ!» አለ አናጢው። «ምቀኛ አታሳጣኝ ሲባል እሰማለሁ፤ እኔ ግን የምትመርቅልኝ የሚስት እህት ነው የሰጠኝ!» ሰው ሁሉ ሳቀ። እትዬ መጥታ ግንባሯን ሳመቻት። መሳሙ እንደ ፍም አቃጠላት።

ሰዉ ከተበተነ በኋላ ሁለቱ እህትማማቾች ጓሮው ጫፍ ላይ ቀሩ። ፀሐይ እያዘቀዘቀች ነበር። ታች አስፋልቱ ቀጭን ክር መስሎ ይታያል።

«ከልብሽ ነው ያልሽው?» አለች እትዬ፣ ፊቷን ሳታዞር።

«ምኑን?»

«ይምጣ ያልሽውን። ለእኛ ብለሽ ነው?»

ልብስ ሰፊዋ ቀሚሷ ላይ የቀረ ክር ለቀመች። እትዬም ደግማ አልጠየቀችም። የእህቷን እጅ ያዘች።

ያኔ ከኮረብታው ጀርባ አንድ የጭነት መኪና ብቅ አለ። ከዚህ ሲያዩት ከጥንዚዛ አይበልጥም፤ ድምፁም አይሰማም። ገደሉ ሥር ካለው መታጠፊያ ሲደርስ ፍጥነቱን ቀነሰ። ልብስ ሰፊዋ ወደ ገደሉ ጫፍ አንድ እርምጃ ቀረበች።

መኪናው መታጠፊያውን አልፎ ቀጥ ብሎ ሄደ።

እንደ ታጣቂዎቹ መኪና ቆጥራው ወደዚህ ሽቅብ እንዲታጠፍ ስትመኝ እንደነበር የገባት፣ መኪናው ከዓይኗ ከጠፋ በኋላ ነው። የእህቷን እጅ አጥብቃ ይዛ፣ ባዶውን አስፋልት ታይ ጀመር።