በቀኝ ትከሻ ላይ

ፉሚኤ ኪሞኖዋን ለብሳ በጊዮን ሰፈር ጠባብ መንገዶች ጎብኚዎችን ማታ ማታ ማዞር ከጀመረች አምስት ዓመት ሆኗታል። የመጨረሻው ማቆሚያ ሁልጊዜ ያው ነው፤ እንግዳን በዘፈንና በውዝዋዜ የሚያጫውቱ ጌይሻዎች ይኖሩበት የነበረ፣ አሁን በሩ በሳንቃ የተቸነከረ ቤት።

«ጌይሻዋ ለሥራ ስትወጣ ‹የቤቱ እናት› የምንላት አሳዳሪ ከኋላዋ ቆማ፣ ከቀኝ ትከሻዋ በላይ ባልጩትና ብረት አጋጭታ እሳት ትጭርላታለች፤ መንገድ ላይ ክፉ እንዳያገኛት» አለች ዛሬ ማታም። «ከዚያ የመቀነቷን ቋጠሮ መታ መታ አድርጋ፣ ወደ ውጭ ገፋ ታደርጋታለች።»

«ላንቺስ ተጭሮልሽ ያውቃል?» አሉ ከኦሳካ የመጡት ቀልደኛ ሽማግሌ፣ አቶ ኩሮዳ።

«እዚሁ ቤት ነው ያደግኩት። በጓሮ በር ከጠፋሁባት ቀን በቀር ሁልጊዜ ይጫርልኝ ነበር።» እናቲቱ በዚያው ሳምንት መሞቷን አልተናገረችም።

«በይ ታዲያ አሳዪና! በወሬ ብቻ ልትሸኝን ነው?»

ሰዉ ሳቀ። ፉሚኤም ሳቅ ብላ ጀርባዋን ለተቸነከረው በር ሰጠችና፣ ያኔ ሳትለው የወጣችውን አለች፦ «እማዬ፣ ሄጄ መጣሁ።»

ቀጭ፣ ቀጭ አለ። በቀኝ ትከሻዋ ላይ የእሳት ፍንጣሪ ሲረግፍ በዓይኗ ጥግ አየች።

ጎብኚዎቹ አጨበጨቡ። «ወይ ጉድ! አሮጊቷን ደግሞ ከየት አመጣሻት?» አሉ አቶ ኩሮዳ።

ፉሚኤ አልዞረችም። ጭብጨባው አንድ በአንድ ቆመ፤ የሁሉም ዓይን ከኋላዋ ተተክሎ ቀረ። አንድ እጅ የመቀነቷን ቋጠሮ መታ መታ አደረገው፤ ልክ እንደ ድሮው።

ወደ ውጭ ግን አልገፋትም። ቋጠሮውን ጨብጦ ወደ ቤት ይስባት ጀመር።