ከኋላ የመጣው ምት

ሚኒባሱ ሎጊያን ወጣ እንዳለ ሞተሩ ጠፋና ወንዶቹ ሊገፉ ወረዱ። ሰመራ በመዝገብ ቤት የሚሠራው ኃይለ ልዑል ግራ እግሩን ተክሎ ባለ በሌለ ኃይሉ ሲገፋ «ጧ» የሚል ድምፅ ሰማ፤ ተረከዙንም ሰው በጫማ የጠለዘው መሰለው። ዞር ሲል ከኋላው የቆመው ሱቅ ነጋዴው ጀማሉዲን ብቻ ነበር። ኮሌታውን ጨምድዶ ያዘው።

«ምን አድርጌህ ነው የምትመታኝ?»

«ወላሂ አልነካሁዎትም ጋሼ። ገና ከመኪናው መውረዴ ነው።»

ሌሎቹም እውነቱን ነው አሉ። ኃይለ ልዑል ግራ ተጋብቶ ኮሌታውን ለቀቀና ሊራመድ ሲሞክር እግሩ አልታዘዝ አለው። ደም የለም፤ ሕመሙም ያን ያህል አልነበረም። ከተሳፋሪዎቹ አንዷ ሀምዳ ነርስ ነበረችና ወንበር ላይ በሆዱ አስተኛችው። የቀኝ ባቱን ጨመቅ ስታደርገው እግሩ ተንቀሳቀሰ። ግራውን ስትጨምቀው ግን እንደተንጠለጠለ ቀረ።

«ጅማትዎ ተበጥሷል» አለችው። «የባትን ሥጋ ከተረከዝ አጥንት ጋር የሚያያይዘው ወፍራሙ ጅማት ነው። ሲበጠስ ሰው የመታን ይመስላል። ቀዶ ጥገና ሳያስፈልግዎ አይቀርም።»

«ታዲያ ማንም አልመታኝም?»

«ማንም።»

ኃይለ ልዑል ተረከዙን ዳሰሰ። አሁንም የተመታ ያህል ይሰማዋል። ጀማሉዲን ወደ ሰመራ የሚሄድ ፒክአፕ አስቁሞ ተመለሰና ጀርባውን ሰጥቶት ቁጢጥ አለ።

«ይታዘሉ ጋሼ፣ እየጠበቁን ነው።»

ታዘለለት። ነገሩ ገና ሳይገባው «ይቅር በለኝ» አለው በጆሮው።